የቪዲዮ ጨዋታ ገበያ በአገራችን እንዴት ሊያድግ ይችላል?

የሰው ልጅ በማናቸውም ዘመን ከሥራው ሲያርፍ ጨዋታ ይሻል። አባቶቻችን ጥላ ሥር ተቀምጠው ገበጣና ሰንጠረዥ ሲጫወቱ፥ በገና ሰሞን ሩር ሲመቱ፥ ፈረሰኞችም በሜዳ ላይ ጉግስ ሲገጥሙ ኖረዋል። በዋግ ኽምራም በነሐሴ ወር ሻደይ በደረሰ ጊዜ ልጃገረዶች ቅጠሉን በወገባቸው አስረው ሲጨፍሩ ይሰነብታሉ። ዛሬ በዚህ ሁሉ ላይ አንድ አዲስ የጨዋታ ዓይነት ተጨምሯል፤ ይኸውም በስልክ፥ በኮምፒዩተር ወይም በቴሌቪዥን መስኮት የሚካሄደው የቪዲዮ ጨዋታ ነው። ወጣቶች ባጭሩ «ጌም» ይሉታል። ሁለት ሰዎች ወይም ሁለት ቡድኖች በተመልካች ፊት በደንብና በዳኛ ሲገጥሙበት ደግሞ የኤሌክትሮኒክ ስፖርት፥ ወይም ኢስፖርት፥ ይባላል።

ስለዚህ ጨዋታ ሁለት ዓይነት ንግግር ይሰማል። አንደኛው ወገን «ጊዜ ገዳይና ልጅ አበላሺ ነው» ይላል። ሁለተኛው ወገን ደግሞ «በዓለም ላይ በዓመት ከ180 ቢሊዮን ዶላር በላይ የሚገኝበት ሀብት ስለ ሆነ እኛም እንግባበት» ይላል። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ከሁለቱ አንዱን ደግፎ ሌላውን ለመንቀፍ አይደለም። ገበያ የሚባለው ነገር በምን በምን እንደሚቆም መርምሮ፥ ካገራችን ዘንድ ምኑ እንዳለ፥ ምኑም እንደ ጎደለ ለጓደኞቼ፥ ለመምህራንና ለወላጆች ለማሳየት ነው።

ገበያ በምን ይቆማል?

ትርጉሙን ለመረዳት ሩቅ አገር መሄድ አያስፈልገንም፤ ሰቆጣን ማየት ይበቃል። ሰቆጣ ከመቶ ዓመት በፊት በሰሜን ኢትዮጵያ ከታወቁት የጨው ገበያዎች አንዷ ነበረች። በአፋር በረሃ የተቆረጠው አሞሌ ጨው በግመልና በአጋሰስ ተጭኖ ወደ ትግራይ ደጋ ይወጣል፤ ከዚያም በሰቆጣ በኩል ወደ ላስታና ወደ ሌላው ደጋ አገር ይተላለፍ ነበር። ጨው የሚወድ ሰው በሁሉም አገር ነበረ። ነገር ግን የጨው ወዳጅ መብዛቱ ብቻ ሰቆጣን ገበያ አላደረጋትም። ገበያ ያደረጓት አራት ነገሮች በአንድነት መገናኘታቸው ነው።

አንደኛው ዕቃው ነው፤ ሁለተኛው ገዢው ነው፤ ሦስተኛው ዕቃውና ገዢው የሚገናኙበት መንገድ ነው፤ አራተኛው መክፈያው ነው። ከነዚህ አንዱ ቢጎድል ገበያው ይፈርሳል። በዚህም ላይ አንድ መዘንጋት የሌለበት ነገር አለ። ነጋዴው ያመጣውን ሸጦ ዋጋውን ይዞ ወደ አገሩ ካልተመለሰ፥ በሚመጣው ጊዜ ሌላ ጭነት አያመጣም። ስለዚህ ገበያ ማለት ዕቃ ወደ ገዢው የሚሄድበት ብቻ ሳይሆን፥ ዋጋውም ወደ ሠሪው የሚመለስበት መንገድ ነው። ይህን መለኪያ ይዘን የቪዲዮ ጨዋታን ብንመዝን ነገሩ ግልጽ ይሆንልናል።

የነገሩ አጀማመር

የቪዲዮ ጨዋታ በመጀመሪያ ለንግድ የተሠራ አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ1962 በአሜሪካ በማሳቹሴትስ የቴክኖሎጂ ተቋም የነበሩ ወጣቶች ስፔስዎር የሚባል፥ ሁለት የጠፈር መርከቦች የሚዋጉበት ጨዋታ በትልቅ ኮምፒዩተር ላይ ሠሩ። ከ10 ዓመት በኋላ፥ በ1972፥ በስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲ በዚሁ ጨዋታ ውድድር ተደረገ፤ የአሸናፊውም ሽልማት የአንድ መጽሔት የአንድ ዓመት ደንበኝነት ነበር። የዛሬው ኢስፖርት ትውልዱ ከዚህ ይቆጠራል።

በዚያው በ1972 አታሪ የተባለው ኩባንያ ፖንግ የተሰኘውን፥ የጠረጴዛ ቴኒስ የሚመስለውን ጨዋታ፥ ሳንቲም በሚጎርስ ሣጥን አድርጎ በየመዝናኛው ቤት አቆመ። ገበያው የተወለደው በዚያን ጊዜ ነው ማለት ይቻላል፤ ምክንያቱም ሳንቲሙ ከተጫዋቹ እጅ ወጥቶ እስከ ሠሪው የሚደርስበት መንገድ ተገኘለት። በ1980 ስፔስ ኢንቬደርስ በሚባለው የጃፓን ጨዋታ በአሜሪካ በተደረገው ውድድር 10 ሺህ ያህል ሰው ተካፈለ። ዛሬ ውድድሩ ከመንግሥታት የስፖርት በዓል ደርሷል፤ በቻይና በሃንግጆ ከተማ እ.ኤ.አ. በ2023 በተካሄደው የእስያ ጨዋታዎች ኢስፖርት ለሜዳይ ከሚወዳደሩት ስፖርቶች እንደ አንዱ ተቈጥሯል።

ኮሪያ እንዴት አደረገች?

ካለ ምሳሌ ትምህርት አይጸናምና የደቡብ ኮሪያን ታሪክ እንመልከት። ይህች አገር የቃኘው ሻለቃ ጦር እ.ኤ.አ. ከ1951 ጀምሮ የዘመተባት፥ ጦርነቱ ባለቀ ጊዜም ፍርስራሽ ሆና የቀረች አገር ነበረች። ከብዙ ድካም በኋላ ካደገች ወዲያ፥ በ1997 ታላቅ የገንዘብ ችግር ደረሰባትና ብዙ ሰው ከሥራው ወጣ። መንግሥቱ በዚያ ዘመን ፈጣን የኢንተርኔት መስመር በየከተማው ዘረጋ። ሥራ ካጡትም ሰዎች ብዙዎቹ ፒሲ ባንግ የሚባለውን የኮምፒዩተር መጫወቻ ቤት ከፈቱ። በ1998 ደግሞ ስታርክራፍት የተባለው የአሜሪካ ጨዋታ ወጣና ወጣቱን ሁሉ ወደነዚህ ቤቶች ሳበው። በ2000 የኮሪያ የኢስፖርት ማኅበር ተቋቋመ፤ ግጥሚያውን ብቻ የሚያሳይ የቴሌቪዥን ጣቢያም ተከፈተ።

ነገር ግን ኮሪያን ባለ ገበያ ያደረጋት ይህ ብቻ አይደለም። ኮሪያውያን ስታርክራፍት ከመምጣቱ አስቀድሞ የራሳቸውን መሥራት ጀምረው ነበር። ኔክሰን የተባለው ኩባንያ በ1996 ያወጣው የኢንተርኔት ጨዋታ በጥንቱ የኮሪያ መንግሥት ታሪክ ላይ የተመሠረተ ነበር። በ1998ም ኤንሲሶፍት የተባለው ኩባንያ ሊኔጅ የሚባለውን አወጣ። ፒሲ ባንጎቹም ደንበኞቻቸው ለሚጫወቷቸው የኢንተርኔት ጨዋታዎች ለኩባንያዎቹ በሰዓት ልክ ሒሳብ ይከፍሉ ነበር። እንግዲህ አንድ የሴኡል ተማሪ ለአንድ ሰዓት ከከፈለው ገንዘብ ከፊሉ ለቤቱ ባለቤት፥ ከፊሉም ጨዋታውን ለሠሩት ያገሩ ልጆች ይደርስ ነበር ማለት ነው። እነሱም በዚያ ገንዘብ ሌላ ጨዋታ ይሠሩበት ነበር።

ይህን ስንል ኮሪያ ያለ ጥፋት አደገች ለማለት አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2010 አንዳንድ የስታርክራፍት ተወዳዳሪዎች ከውርርድ ነጋዴዎች ጋር ተመሳጥረው ሆን ብለው ሲሸነፉ ተገኙና ተቀጡ። በ2011 ከ16 ዓመት በታች የሆኑ ልጆች ከእኩለ ሌሊት እስከ ንጋቱ 12 ሰዓት በኢንተርኔት እንዳይጫወቱ የሚከለክል ሕግ ወጣ። ይህም ሕግ ከ10 ዓመት በኋላ፥ ልጆች ወደ ስልክ ጨዋታ ስለ ዞሩና ብዙ ጥቅም ስላላስገኘ፥ ከ2022 መግቢያ ጀምሮ ቀረ።

በእኛ አገር አራቱ ነገሮች

ከኮሪያ ወደ አገራችን እንመለስና አራቱን ነገሮች በየተራ እንመርምር።

ገዢን በሚመለከት ጉድለት የለብንም። በአዲስ አበባም ሆነ በክፍለ ሀገር ከተሞች ፕሌይስቴሽን ቤት የሚባል አለ። ከጆተኒውና ከከረምቡላው አጠገብ ቴሌቪዥን ተደርድሮ ወጣቶች በየተራ የእግር ኳስ ጌም ይገጥማሉ፤ ለግጥሚያው ይከፍላሉ፤ ባንዳንዱም ቤት ሕጉ «የተሸነፈ ይከፍላል» ነው። ከዚህም ሌላ በ2017 ዓ.ም. መጨረሻ ኢትዮ ቴሌኮም ብቻውን ከ80 ሚሊዮን በላይ ደንበኞች ነበሩት። ከ2015 ዓ.ም. ጀምሮም ሳፋሪኮም ኢትዮጵያ ሁለተኛ አገልግሎት ሰጪ ሆኖ ሥራ ጀምሯል። ከዚህ ሁሉ ስልክ መካከል ጨዋታ የተጫነበት ጥቂት አይደለም።

ይሁን እንጂ በፕሌይስቴሽን ቤት የተከፈለው ብር ወዴት እንደሚሄድ እንከተለው። ከፊሉ ለቤት ኪራይ፥ ከፊሉ ለመብራት፥ የቀረውም ለባለቤቱ እንጀራ ይሆናል። ይህ የሚነቀፍ አይደለም፤ ሰው ሠርቶ ያድርበታል። ዳሩ ግን መሣሪያው በውጭ ምንዛሪ ከውጭ የመጣ ነው፤ ጨዋታውም ብዙ ጊዜ ካንዱ ወደ ሌላው የተቀዳ ቅጂ ስለ ሆነ ለሠሪው የሚደርሰው የለም። ለሠሪው ቢደርስም እንኳ ሠሪው ያገራችን ሰው አይደለም። ስለዚህ ተጫዋች በዝቶልናል እንጂ ገበያ ገና አልሞላልንም። «የጨው ገደል ሲናድ ሞኝ ይልሳል፥ ብልኅ ያለቅሳል» የሚለው ተረት እንዲህ ላለው ነገር የተነገረ ይመስላል።

መንገድ ሲባል በዚህ ንግድ መብራትና የኢንተርኔት መስመር ማለት ነው። በዚህ በኩል የዋግ ኽምራ ሰው ብዙ ማስረጃ አያስፈልገውም። በሰሜኑ ጦርነት ጊዜ መብራትና ስልክ ለብዙ ወራት ተቋርጦ እንደ ነበረ ሁላችንም እናውቃለን። ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮም በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ለረዥም ጊዜ ተቋርጦ ነበር። መንገዱ ከተዘጋ ነጋዴ እንደማይመጣ ሁሉ፥ መስመሩ ከተቋረጠ ይህ ንግድ ባንድ ቀን ይቆማል።

ስለ መንገዱ ግን አንድ የሚያስደስት የፊዚክስ ሒሳብ አለ። በኢንተርኔት በሚደረግ ግጥሚያ ዋናው ነገር የመልእክቱ ፍጥነት ነው። ተጫዋቹ ቁልፍ ሲነካ ምልክቱ ሰርቨር ወደሚባለው ማዕከላዊ ኮምፒዩተር ሄዶ እስኪመለስ ድረስ ጊዜ ያልፋል። ብርሃን በመስታወት ክር ውስጥ በሴኮንድ 200 ሺህ ኪሎ ሜትር ያህል ይሄዳል። ሰርቨሩ 5 ሺህ ኪሎ ሜትር ርቆ በኤውሮፓ ቢሆን፥ ደርሶ መልሱ 10 ሺህ ኪሎ ሜትር ነውና ቢያንስ 50 ሚሊ ሴኮንድ ይፈጃል፤ በመንገድ ላይ ባሉት ማስተላለፊያዎችና መስመሩ በሚጠማዘዝበት ምክንያት በተግባር ከዚህ እጅግ ይበልጣል። ከሰቆጣ እስከ አዲስ አበባ ግን በቀጥታ ሲለካ 400 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ ደርሶ መልሱም 4 ሚሊ ሴኮንድ ብቻ ይሆናል። በመኪና ቀናት የሚፈጀው መንገድ ለብርሃን ከዓይን ጥቅሻ ያነሰ ነው። ስለዚህ ሰርቨሩ ባገራችን ውስጥ ቢቆምና መስመሩ ባይቋረጥ፥ የሰቆጣ ተወዳዳሪ ከአዲስ አበባው ተወዳዳሪ የሚያንስበት ምክንያት በርቀት በኩል የለም።

መክፈያ እስከ ቅርብ ጊዜ ድረስ ዋናው መሰናክል ነበር። የስልክ ጨዋታ የሚሸጥባቸው የውጭ መደብሮች ዋጋውን የሚቀበሉት ባብዛኛው በውጭ ምንዛሪ በሚሠራ የባንክ ካርድ ነው፤ እንዲህ ያለ ካርድ ደግሞ ባገራችን በጥቂቶች እጅ ብቻ ይገኛል። በግንቦት 2013 ዓ.ም. ቴሌብር ሥራ ሲጀምር ግን ጥቂት ብር በስልክ መክፈል ቀላል ሆነ፤ በ2017 ዓ.ም. መጨረሻም ተጠቃሚዎቹ ከ50 ሚሊዮን በልጠዋል። በ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ኤምፔሳ ተከተለ። አሞሌ በሰቆጣ ገበያ የሠራውን ሥራ፥ ይኸውም ለትንሽ ግብይት የሚሆን መክፈያ መሆንን፥ እነዚህ አሁን ሊሠሩት ይችላሉ። አንድ ኢትዮጵያዊ የሠራውን ጨዋታ ሌላው ኢትዮጵያዊ በ5 ብር ወይም በ10 ብር ሊገዛው የሚችልበት በር ተከፍቷል ማለት ነው።

ዋጋውም ሲከፈል ሁሉ ለሠሪው እንደማይደርስ መታወቅ አለበት። ታላላቆቹ የውጭ መደብሮች ከሽያጩ እስከ 30 በመቶ ይወስዳሉ፤ ገቢያቸው ዝቅተኛ ከሆነ ሠሪዎች ደግሞ 15 በመቶ። እንግዲህ በ100 ብር ከተሸጠ ጨዋታ ለሠሪው የሚቀረው 70 ወይም 85 ብር ነው። ብዙ ጨዋታዎችም በነጻ ይሰጡና ገቢያቸውን ከማስታወቂያ ወይም በጨዋታው ውስጥ ከሚሸጡ ጥቃቅን ዕቃዎች ያገኛሉ።

ዕቃ፥ ማለት ባገር ልጅ የተሠራ ጨዋታ፥ ከአራቱ እጅግ አነስተኛው ነው፤ ነገር ግን ጨርሶ የለም አይባልም። በአዲስ አበባ በዳዊት አብርሃም የተመሠረተው ቀኔ ጌምስ የገበጣን ጨዋታ ለስልክ አዘጋጅቷል። ኩኩሉ የሚባለውንም፥ አንዲት ዶሮ ከአሳዳጇ እያመለጠች የምትሮጥበትን ጨዋታ፥ አውጥቷል። ይህ ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2022 ከሌሎች የአፍሪካ ጨዋታ ሠሪዎች ጋር ሆኖ የፓን አፍሪካ ጌሚንግ ግሩፕ አባል ሆነ። በዚሁ ኅብረት ውስጥ ያለው የካሜሩኑ ኪሮኦ ጌምስ በ2016 ኦሪዮን የሚባለውን፥ በአፍሪካ ተረትና ልማድ ላይ የተመሠረተ ጨዋታ፥ ለዓለም አቅርቧል። ለሥራው ያስፈለገውን ገንዘብ በከፊል ያገኘው ከብዙ ሰዎች ጥቂት ጥቂት በማሰባሰብ ነበር። «ሃምሳ ሎሚ ላንድ ሰው ሸክሙ፥ ለሃምሳ ሰው ግን ጌጡ» እንደ ተባለው ነው።

ጨዋታ ባለቤት እንዳለው እንወቅ

በእግር ኳስና በቪዲዮ ጨዋታ መካከል አንድ ታላቅ ልዩነት አለ። እግር ኳስ የማንም ንብረት አይደለም፤ ማንም ሜዳና ኳስ ካገኘ ውድድር ሊያዘጋጅበት ይችላል። እያንዳንዱ የቪዲዮ ጨዋታ ግን የሠራው ኩባንያ ንብረት ነው። በዚያ ጨዋታ ገንዘብ የሚገኝበት ትልቅ ውድድር ለማድረግ የባለቤቱ ፈቃድ ያስፈልጋል። ባለቤቱ ጨዋታውን ሊለውጠው፥ ሊዘጋውም ይችላል። በየፕሌይስቴሽን ቤቱ «ፊፋ» እየተባለ የሚጠራው የእግር ኳስ ጨዋታ እንኳ፥ ሠሪው ኩባንያና የዓለም እግር ኳስ ማኅበር በስሙ ዋጋ ስላልተስማሙ፥ እ.ኤ.አ. ከ2023 ጀምሮ ስሙ ተለውጧል። ስለዚህ የሌላውን ጨዋታ ብቻ ይዞ የቆመ ኢስፖርት በሰው መሬት ላይ እንደ ተሠራ ቤት ነው።

ገበጣን ግን ማንም «የኔ ነው» ብሎ ሊከለክለን አይችልም። እንደ ሰንጠረዥ ሁሉ የሕዝብ ርስት ነው። ጠጠርና መሬት ካለ መብራትም ኢንተርኔትም ሳይኖር ውድድር ይደረግበታል፤ መብራትና ኢንተርኔት ሲኖር ደግሞ በስልክ ላይ ያው ጨዋታ ካገር ካገር ሊያገናኝ ይችላል።

ገበጣ በኮምፒዩተር ቋንቋ

ጨዋታ መሥራት አስማት የሚመስለው ጓደኛ ካለ ይህን ትንሽ ሒሳብ ይከተል። ሁለት ረድፍ ያለው፥ በያንዳንዱ ረድፍ 6 ጉድጓድ ያለበትን ገበጣ እናስብ። ጉድጓዶቹ 12 ናቸው፤ በያንዳንዳቸው 4 ጠጠር ብናስቀምጥ ጠቅላላው 48 ይሆናል። ኮምፒዩተሩ ጉድጓድም ጠጠርም አያውቅም፤ የሚያውቀው 12 ቁጥሮች በተርታ መቀመጣቸውን ነው።

ተጫዋቹ 3ኛውን ጉድጓድ ቢመርጥ፥ ኮምፒዩተሩ 3ኛውን ቁጥር 0 ያደርግና ከ4ኛው እስከ 7ኛው ባሉት ላይ አንድ አንድ ይጨምራል። ተርታው 4፥ 4፥ 0፥ 5፥ 5፥ 5፥ 5፥ 4፥ 4፥ 4፥ 4፥ 4 ይሆናል፤ ሲደመርም ያው 48 ነው። ድምሩ 48 ሆኖ ካልተገኘ በአሠራሩ ውስጥ ስሕተት አለ ማለት ነው። 11ኛውን ጉድጓድ ቢመርጥስ? የመጨረሻው ጠጠር 11 ሲደመር 4፥ ማለት 15ኛው ላይ ማረፍ ነበረበት፤ ነገር ግን 15ኛ ጉድጓድ የለም። 15 ላይ 12 ሲቀነስ 3 ይቀራል፤ ስለዚህ ጠጠሩ ዞሮ ከ3ኛው ጉድጓድ ያርፋል። በሒሳብ ክፍል «ለ12 ሲካፈል የሚተርፈው ቀሪ» እያልን የተማርነው ይህ ነው።

ከዚህ በላይ ያለው የደንብ ጉዳይ ነው። ገበጣ ባንዱ አገር በ2 ረድፍ፥ በሌላው በ3 ረድፍ ይጫወቱታል፤ የመማረኪያውም ሕግ ካገር ካገር ይለያያል። እንግዲህ እያንዳንዱ ተማሪ በሰፈሩ ያሉትን ሽማግሌዎች ጠይቆ ደንቡን በትክክል በወረቀት ላይ ቢያሰፍር፥ የኮምፒዩተር መሣሪያ ባይኖረውም የጨዋታ ሠሪውን ሥራ እኩሌታ ሠራ ማለት ነው። የግዕዝ ፊደል እ.ኤ.አ. በ1999 በዓለም አቀፉ የኮምፒዩተር ፊደላት ሰነድ በዩኒኮድ ውስጥ ስለ ገባ፥ ደንቡንና ንግግሩን በአማርኛም ሆነ በኽምጥኛ ለመጻፍ መንገዱ ክፍት ነው።

ለዋግ ምን ይጠቅማል?

«እህልና ውኃ ባልሞላበት አገር ስለ ጨዋታ ገበያ ማውራት ቅብጠት ነው» የሚሉ ይኖራሉ። አባባላቸው በቀላሉ የሚጣል አይደለም። የልጆችን መቀንጨር ለማጥፋት መንግሥት በ2007 ዓ.ም. ያወጀው ቃል ኪዳን የሰቆጣን ስም የያዘው፥ ችግሩ በዚህ አካባቢ ምን ያህል የበረታ እንደ ሆነ ስለ ታወቀ ነው። ጨዋታ ዳቦን አይተካም።

ዳሩ ግን ችግራችን ከምን እንደሚመጣ ብናስተውል መልሱ ይገኛል። መሬታችን ገደላማና የተራቈተ ነው፤ ዝናሙም አንድ ዓመት መጥቶ አንድ ዓመት ይቀራል። የወላጆቻችን ድካም ሁሉ በሰማዩ ፈቃድ ላይ የተንጠለጠለ ነው። ስለዚህ ዝናም የማይጠብቅ ሥራ በተገኘ ቁጥር ለዋግ ልጅ እፎይታ ነው። ፕሮግራም መጻፍ፥ ሥዕል መሣል፥ ድምፅ መቅረጽ፥ ተረትን በደንብ መተረክ፥ እነዚህ ሁሉ በአንድ ጨዋታ ውስጥ የሚገቡ ሙያዎች ናቸው፤ የሚፈልጉትም የሠለጠነ አእምሮ፥ አንድ መሣሪያና የማይቋረጥ መብራት ነው። ከመቶ ተማሪ አንዱ እንኳ በጨዋታ ሥራ ብቻ ይኖራል ብሎ ተስፋ መስጠት አይገባም። ነገር ግን ጨዋታ ለመሥራት የተማረው ሒሳብና ፕሮግራም ለባንክ፥ ለሆስፒታል፥ ለእርሻ ምርምርም ያው ነውና ድካሙ ከንቱ አይቀርም። በሐምሌ 2016 ዓ.ም. የተጀመረው የ5 ሚሊዮን ኮደሮች ሥልጠና በኢንተርኔት ያለ ክፍያ የሚሰጥ ስለ ሆነ፥ መስመር የሚያገኝ ተማሪ ሊጠቀምበት ይገባል።

ስለ ጥንቃቄ

ወላጆች የሚሰጉባቸው ሁለት ነገሮች አሉ፤ ሁለቱም ተገቢ ናቸው። አንደኛው ጊዜ ነው። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2019 ባጸደቀው፥ ከ2022 ጀምሮም በሥራ ላይ በዋለው የበሽታዎች መዝገብ ውስጥ ጨዋታን መቆጣጠር አለመቻልን እንደ ሕመም ቈጥሮታል። ምልክቱም ሰው ጨዋታውን መግታት ሲያቅተው፥ ከትምህርቱና ከሌላ ጉዳዩ ሁሉ ሲያስቀድመው፥ ጉዳቱን እያየም ሲቀጥል፥ ይህም ባብዛኛው 12 ወር ያህል ሲቆይ ነው። ስለዚህ የሚጫወት ሁሉ ታሟል አይባልም፤ ነገር ግን ፍየሉን ረስቶ፥ ደብተሩን ጥሎ የሚጫወት ልጅ ካለ መጠየቅና መምከር የወላጅ ፋንታ ነው። ቻይና እ.ኤ.አ. ከ2021 ጀምሮ ከ18 ዓመት በታች ላሉት የኢንተርኔት ጨዋታን በዓርብ፥ በቅዳሜ፥ በእሑድና በበዓል ቀን ለአንድ አንድ ሰዓት ብቻ ወስናለች። እኛ ዘንድ እንዲህ ያለ ሕግ ባይኖርም፥ በያንዳንዱ ቤት ልጅና ወላጅ ተስማምተው የሚወስኑት ሰዓት ከሕግ ይሻላል።

ሁለተኛው ውርርድ ነው። በከተሞች የውርርድ ቤት በበዛበት በዚህ ጊዜ ብዙ ሰው ውድድርንና ቁማርን አንድ አድርጎ ያያል። ልዩነቱ ግን ግልጽ ነው። በውድድር የሚያሸንፈው የተለማመደው ሲሆን፥ ሽልማቱ ከአዘጋጁ ይመጣል። በውርርድ ግን የአንዱ ትርፍ የሌላው ኪሳራ ነው፤ ተመልካቹም የሚያሸንፍበት ሙያ ሳይኖረው ገንዘቡን ያወጣል። የኮሪያ ወጣቶች በ2010 የተዋረዱት ሁለቱ በተቀላቀሉበት ጊዜ ነበር። ስለዚህ በትምህርት ቤት የሚደረግ ማናቸውም የጨዋታ ውድድር ገንዘብ የማይያዝበት ሊሆን ይገባል።

ማጠቃለያ

ከላይ እንደ ተመለከትነው፥ ተጫዋች አለን፤ መክፈያው ተጀምሯል፤ መንገዱ ሲሠራና ሲቋረጥ ይታያል፤ ያገር ልጅ የሠራው ዕቃ ግን ጥቂት ነው። መንገዱን የማቅናት ሥራ የመንግሥትና የቴሌኮም ድርጅቶች ነው። ዕቃውን የማዘጋጀቱ ሥራ ግን ሌላ ማንም ሳይሆን የእኛ የተማሪዎች ድርሻ ነው።

ስለዚህ ለትምህርት ቤታችን ሦስት አሳቦች አቀርባለሁ። አንደኛ፥ በየወረዳው ያለውን የገበጣ ደንብና የሌሎቹንም ጨዋታዎች ሕግ፥ ከዝቋላ እስከ ደሃና፥ ከአበርገሌ እስከ ጋዝጊብላ፥ ተማሪዎች ከሽማግሌዎች ጠይቀው በአንድ መዝገብ ይሰብስቡ። ሁለተኛ፥ በዓመት አንድ ጊዜ በክፍሎች መካከል የገበጣ ውድድር ይደረግ፤ ዳኝነትን፥ ሰዓት መጠበቅንና መሸነፍን በጨዋነት መቀበልን እንማርበታለን። ሦስተኛ፥ የኮምፒዩተር ክበብ አባላት መብራት ባለ ቀን ከነዚህ ደንቦች አንዱን ወደ ፕሮግራም ለመለወጥ ይሞክሩ።

ወንድሞቼና እኅቶቼ፥ የጨው ነጋዴ በሰቆጣ ሲያልፍ አባቶቻችን ቆመው አልተመለከቱትም፤ ገበያ አቁመው፥ ማደሪያ ሰጥተው፥ ማርና ከብት ይዘው ወጡ እንጂ። ዛሬም በዚህ አዲስ ገበያ ልሰን ብቻ እንዳንቀር ጭነታችንን ከአሁኑ እናሰናዳ።